የመጀመሪያዎቹን ጋላክሲዎች ማጥናት እንደ ሙያ፦ ጥያቄና መልስ ከአራት ኪሎ

አራት ኪሎ ለምንሰባሰበው የሥነ ፈለክ ወዳጆች ጥያቄ እቀበላለሁ ባልኩት መሠረት የደረሰኝን እመልሳለሁ። የምሠራው በመጀመሪያዎቹ ጋላክሲዎች ላይ ነው፤ ዩኒቨርስ ገና ልጅ ሳለ የነበሩት፣ እጅግ ሩቅ በመሆናቸው ብርሃናቸው ዛሬ የሚደርሰን ማለት ነው። ስለ ኮከብ ቆጠራ የሚጠይቅ ሌላ ሰው ይፈልግ።

ጥያቄ፦ ዶክተር፣ ጤና ይስጥልኝ። የሦስተኛ ዓመት የፊዚክስ ተማሪ ነኝ። ወደዚህ ሙያ ለመግባት ከየት ልጀምር?

መልስ፦ ከሒሳብ። ሊኒየር አልጀብራንና ስታቲስቲክስን አጥብቀህ ያዝ፤ ፓይተን የተባለውን የፕሮግራም ቋንቋ ተማር። ከዚያ ማስተርስና ዶክትሬት ይከተላሉ። ከዶክትሬት በኋላ ደግሞ በየሁለትና በየሦስት ዓመቱ የሚያበቃ የምርምር ቅጥር አለ፤ ብዙዎቻችን ቋሚ ሥራ እስክናገኝ ከአገር አገር እንዞራለን። ይህን ለቤተሰብህ ከአሁኑ ንገራቸው።

ጥያቄ፦ ደመወዙስ?

መልስ፦ እንደ አገሩና እንደ ተቋሙ ነው። ገንዘብ የሚፈልግ ሰው በዚሁ ሒሳብ ሌላ ቦታ የተሻለ ያገኛል።

ጥያቄ፦ የጋላክሲዎቹ ፎቶ ላይ ሁሉም ነጥብ ነው። አንዱ ከሌላው እንደሚርቅ በምን ታውቃላችሁ?

መልስ፦ እንዲህ ያለውን ጥያቄ ነው የምወደው። ዩኒቨርስ ሲሰፋ በውስጡ የሚጓዘው ብርሃንም አብሮ ይለጠጣል። ከሃይድሮጅን የሚወጣ አንድ የታወቀ የብርሃን መስመር አለ፤ ከምንጩ ሲነሣ የሞገድ ርዝመቱ 121.6 ናኖሜትር ነው። ከዚያ ያጠረውን ብርሃን በመንገድ ላይ ያለው ሃይድሮጅን ይውጠዋል። እ.ኤ.አ. በ2024 ይፋ የሆነው ጄድስ ጂኤስ ዚ14-0 የተባለው ጋላክሲ ሬድሺፍቱ (ብርሃኑ የተለጠጠበት ልክ፤ ቁጥሩ ሲበዛ ጋላክሲው ይርቃል) ወደ 14.2 ስለሆነ ያ መስመር ከ15 ጊዜ በላይ ተለጥጦ 1,850 ናኖሜትር አካባቢ ደርሷል። ይህ ዓይን የማያየው ኢንፍራሬድ ነው፤ የጄምስ ዌብ የጠፈር ቴሌስኮፕ የተሠራውም ለዚሁ ነው። ስፔክትረሙን (ብርሃኑ በሞገድ ርዝመቱ ተዘርዝሮ የተሳለበትን ሥዕል) ስትከፍቱ የሥዕሉ መስመር በግራ በኩል ዜሮ ላይ ይንቀጠቀጣል፤ ድንገት እንደ ደረጃ ሽቅብ ይዘላል፤ ከዚያ ወደ ቀኝ ቀስ እያለ ይወርዳል። ዝላዩ ያ የሃይድሮጅን መስመር ተለጥጦ የደረሰበት ቦታ ነው፤ ርቀቱን የሚነግረንም እሱ ነው።

ስፔክትረም የሚወስደው የዌብ መሣሪያ ራሱ ድንቅ ነው። ወደ 250,000 የሚጠጉ ጥቃቅን መስኮቶች አሉት፤ የአንዱ ወርድ 0.1፣ ቁመቱ 0.2 ሚሊሜትር ያህል ነው። የትኞቹ እንደሚከፈቱ የምንመርጠው እኛ ነን። ሁለት ጋላክሲዎች በአንድ ረድፍ ላይ ከወደቁ ስፔክትረማቸው ስለሚደራረብ አንዱን መተው ግድ ይሆናል። የትኛውን እንተው በሚለው ላይ የሚነሣው ክርክር የሥራችን ከባዱ ክፍል ነው።

አጥብቄ የማስጠነቅቀው አንድ ነገር አለ፦ ስፔክትረም ሳይወሰድ ከቀለም ብቻ የተገመተን ርቀት እንደ ተረጋገጠ አትቁጠሩ። ሲየርስ-93316 የተባለው ጋላክሲ እ.ኤ.አ. በ2022 ከቀለሙ ተነሥቶ ሬድሺፍቱ 16 አካባቢ እንደሆነ ተገመተ፤ ታላቁ ፍንዳታ (የዩኒቨርስ መነሻ) ከሆነ ከ250 ሚሊዮን ዓመት በኋላ ማለት ነው። በ2023 ስፔክትረሙ ሲወሰድ 4.9 ሆነ። አቧራውና ደማቅ የጋዝ መስመሮቹ ተባብረው ሩቅ አስመስለውት ነበር። በዚያው ጥናት ውስጥ ግን የሜይዚ ጋላክሲ የሚባለው በሬድሺፍት 11.4 ተረጋግጧል። ከቀለም ሲገመቱ ሁለቱም ሩቅ ነበሩ።

ጥያቄ፦ ዌብ ታላቁን ፍንዳታ ውድቅ አድርጓል ይባላል።

መልስ፦ አላደረገም። ያልተጠበቀው የብሩህ ጋላክሲዎች ብዛት ነው። አሁን የምንከራከረው ከዋክብት በምን ፍጥነት ተወለዱ በሚለው ላይ ነው። እንዲህ ያለ ዜና ስታዩ መጀመሪያ ስፔክትረም አለው ወይ ብላችሁ ጠይቁ።

ጥያቄ፦ ስለ ዩኒቨርስ ትንሽ ቢያብራሩልን?

መልስ፦ የዩኒቨርስን ምን? ጥያቄውን ለይተህ አምጣ።

ጥያቄ፦ እነዚህ ጋላክሲዎች ከእንጦጦ ይታያሉ?

መልስ፦ አይታዩም። እንጦጦ ላይ ያሉት ሁለት ቴሌስኮፖች መስታወታቸው 1 ሜትር ነው፤ የዌብ 6.5 ሜትር ሆኖ ከምድር 1.5 ሚሊዮን ኪሎ ሜትር ርቆ ነው የሚሠራው። እንጦጦ ብርሃናቸው የሚለዋወጥ ከዋክብትን ለመከታተልና ሙያውን ለመለማመድ ጥሩ ነው። የክረምቱ ደመናና የከተማው መብራት ግን ይፈትኑታል።

አንድ አባል፦ መብራቱን ካነሡት አይቀር፣ ፒያሳና አራት ኪሎ በአዲሱ የመንገድ መብራት ከደመቁ ወዲህ የምናየው ኮከብ በጣት የሚቆጠር ሆኗል።

አንዲት አባል፦ እኔ ከሥራ የምወጣው በምሽት ነው። ያ መብራት ከመተከሉ በፊት እየፈራሁ ነበር የምሄደው። ለኮከብ ተብሎ እንዲጠፋ አልስማማም።

ሌላ አባል፦ ይጥፋ ያለ የለም። ይቀነስ ነው የተባለው።

እሷው፦ በየትኛው ሰፈር ይቀነስ?

መልስ፦ እህታችን ትክክል ናት። ከላይ የተከደነና ወደ መሬት ብቻ የሚያበራ አምፖል ቢተከል መንገዱም ይበራል፣ ሰማዩም ይተርፋል። ወደ ጋላክሲዎቹ እንመለስ።

ጥያቄ፦ ይቅርታ፣ ዘግይቼ ነው የገባሁት። ከየት ልጀምር?

መልስ፦ የመጀመሪያው መልስ ላይ አለ። እባካችሁ ከመጠየቃችሁ በፊት ከላይ ያለውን አንብቡ።

ጥያቄ፦ በአፍሪካ በዚህ ዘርፍ የሚሠራ አለ?

መልስ፦ አለ። በደቡብ አፍሪካ ካሩ ውስጥ የተተከለው ሄራ የተባለው የራዲዮ ቴሌስኮፕ የመጀመሪያዎቹን ጋላክሲዎች ዘመን ሃይድሮጅን ይፈልጋል።

ጥያቄ፦ ያለኝ አንድ ኮምፒውተር ብቻ ነው። ከአሁኑ የምሠራው ነገር ይኖር ይሆን?

መልስ፦ አለ እንጂ፣ እህቴ። የዌብ መረጃ ብዙውን ጊዜ ለጠያቂው ተመራማሪ ብቻ የሚቆየው እስከ 12 ወር ነው፤ ከዚያ ለሁሉም ይከፈታል። ኮፐንሃገን የሚገኘው የኮስሚክ ዶውን ማዕከል የተዘጋጁ ስፔክትረሞችን በነፃ ያቀርባል። ሬድሺፍቱ ከ10 በላይ ከሆኑት አንዱን አውርጂ። ዝላዩ የት እንደሆነ በናኖሜትር ለኪ፣ ለ121.6 አካፍዪ፣ ከውጤቱ 1 ቀንሺ። ያ ቁጥር ሬድሺፍቱ ነው። ማዕከሉ ከጻፈው ቁጥር ጋር ካልገጠመ ሥዕሉን ይዘሽ ወደ ስብሰባችን ነዪ፤ አብረን እናየዋለን። ከቀለም የተገመተ ቁጥር ብቻ ይዛችሁ የምትመጡትን ግን አላይላችሁም።