ሁለት የቡና ጎረቤታሞች ኤፌሶን ሊሄዱ ነው

ጥያቄ፦ ጤና ይስጥልን። የምኖረው ጅማ ሄርማታ ነው፣ ጡረታ የወጣሁ የታሪክ አስተማሪ ነኝ። ጀርመን ያለችው ልጄ ቱርክ ወስጄ የጥንቷን ከተማ ኤፌሶንን ላሳይሽ ካለችኝ ጀምሮ እንቅልፍ የለኝም። ብቻዬን አልሄድም ብዬ ጎረቤቴንም አስጨምሬያለሁ፣ ልጆቻችንን አብረን ያሳደግን የቡና ጓደኛዬ ናት፣ እሷ ሙስሊም እኔ ኦርቶዶክስ። እሷ ማየት የምትፈልገው የዋሻውን ሰዎች ቦታ ነው፣ አስሃቡል ካህፍ የሚሏቸውን፣ ዋሻ ውስጥ ለብዙ ዘመን ተኝተው ነቁ የሚባሉትን፣ እኔ ደግሞ የ431ዱ የቤተ ክርስቲያን ጉባኤ የተደረገበትን። ልጄ ሁለት የትንሽ ግሩፕ ጉብኝት መርጣ ላከችልኝ። አንዱ በ4 ቀን ኤፌሶን፣ ጴርጋሞን፣ ፕሪዬኔ፣ ሚሊጢን፣ ዲዲማና ፓሙካሌ ያደርሳል። ሌላው በዛው 4 ቀን ኤፌሶንን፣ እዛው አጠገቡ ያለችውን የሰልቹክን ከተማና ዲዲማን ብቻ ነው የሚያሳየው፣ ዋጋው ግን ይብሳል! ትንሽ አሳይቶ ብዙ ማስከፈል ምን የሚሉት ነው? ጉልበቴን ያመኛል፣ ጾምም አለብኝ፣ እንግሊዝኛዬ ደህና ነው። ምን ትመክሩናላችሁ?

መልስ፦ ቲቸር፣ እንኳን ደስ ያሎት! ብዙ ሳልዞር ልንገሮት፣ ሁለተኛውን ያዙ። ካርታውን ዘርግተው ቢያዩት ይገባዎታል፣ ጴርጋሞን ከኤፌሶን ወደ ሰሜን ነው፣ ፓሙካሌ ወደ ምስራቅ፣ ለፓሙካሌ ብቻ መሄጃው በመኪና 3 ሰዓት ገደማ መመለሻው ሌላ 3፣ እና በመጀመሪያው ጉብኝት አብዛኛውን ቀን የሚያዩት የሚኒባስ መስኮት ነው። ፕሪዬኔ፣ ሚሊጢንና ዲዲማን ደግሞ ብዙዎቹ ባንድ ቀን ነው የሚጨርሷቸው፣ ባንድ ቀን ሶስት ሰርግ ተጠርቶ የትኛውም ቤት ሳይበሉ መውጣት በሉት። ያውም ፕሪዬኔ ተራራ ወገብ ላይ ነው፣ ዳገትና ደረጃ አለው፣ ለጉልበቶ አልመክርም። ጴርጋሞንም ቢሆን ስመ ጥሩው መሰዊያ እዛ የለም፣ ጀርመኖች በ19ኛው ክፍለ ዘመን መጨረሻ ቆፍረው በርሊን ወስደውታል፣ ልጆት እዛው አይደለች? ሙዚየሙ እድሳቱን ሲጨርስ ታሳዮታለች።

የሁለተኛው ዋጋ የሚብሰው የጋይዱን ጊዜ ስለሚገዙ ነው። ለምን እንደሚያዋጣ በዲዲማ ላሳዮት። ዲዲማ የአፖሎ ቤተ መቅደስ ነው፣ አምዶቹ ወደ 20 ሜትር ይጠጋሉ፣ ዛሬ ሙሉ ሆነው የቆሙት 3 ብቻ ናቸው። ለመቶዎች ዓመታት ሲሰራ ኖሮ ሳያልቅ ነው የቀረው፣ እና ቆንጆው ነገር አለማለቁ ነው፣ ምክንያቱም ያላለቀ ህንፃ አሰራሩን አይደብቅም፣ አንዳንዱ ድንጋይ ገና አልተላገም። ከዛ ወደ ውስጠኛው ግቢ በጠባብ ጨለም ያለ መተላለፊያ ወርደው ግድግዳውን ሲያዩ ባዶ እብነበረድ ነው የሚመስለው። ሰው ሁሉ ፎቶ አንስቶ ይወጣል። ጋይዱ ጊዜ ካለውና ፀሐይዋ ጋደል ያለችበት ሰዓት ከሆነ ግን ጠጋ ብሎ በጣቱ ያሳዮታል፣ እንደ ፀጉር የቀጠነ መስመር፣ ቀጥ ያለ፣ ክብ፣ ጎበጥ ያለ፣ ግድግዳውን ሞልቶታል። እነዚህ የግንበኞቹ ፕላኖች ናቸው! አምዱ እንዴት መሀሉ ላይ በትንሹ ወፈር እንደሚል ሳይቀር ድንጋዩ ላይ ጭረው አስልተውታል፣ ከሁለት ሺህ ዓመት በላይ እዛው ተቀምጦ ልብ የተባለው 1979 ላይ ነው፣ ሎታር ሃዝልበርገር የሚባል ጀርመናዊ ተመራማሪ ነው ያየው። ምሁሩም ሁሉ ሲያልፈው የኖረ ነገር ነው እንግዲህ፣ 40 ሰው ይዞ ባንዲራ እያውለበለበ የሚሮጥ ጋይድ መቼም ቆሞ አያሳዮትም።

አሁን ወደ እናንተ ሁለት ቦታዎች። እርሶ የፈለጉት የማርያም ቤተ ክርስቲያን፣ ጉባኤው የተካሄደባት ተብላ የምትታወቀው፣ ከኤፌሶን ታችኛው በር ብዙም ሳይርቅ ነው፣ ግን ከዋናው መንገድ ወጣ ይላል፣ ግሩፑ ሁሉ እዛ ጋ ሲደርስ ደክሞት ውሃና ጥላ ፍለጋ ወደ በሩ ነው የሚጣደፈው። ረጅም ፍርስራሽ ግድግዳ፣ የመሰዊያው ግማሽ ክብ፣ የማጥመቂያው ቤት፣ በቃ ይሄ ነው፣ ሁለት መቶዎቹ አባቶች ንስጥሮስን ያወገዙበት የሚባለው ቦታ ግን እሱ ነው፣ ለእርሶ ሰው ሁሉ ፎቶ ከሚነሳበት ከሴልሰስ ቤተ መጻሕፍት ይበልጣል ብዬ እገምታለሁ። ዋሻው ደግሞ ከግቢው ውጪ ነው፣ በፓናይር ተራራ በምስራቅ በኩል፣ አሁን ታጥሯል፣ ከአጥሩ ወዲህ ሆኖ ነው የሚታየው። ለጎረቤቶ አስቀድመው ይንገሯት፣ የዋሻው ሰዎች ቦታ እዚህ ነው የሚሉ ሌሎች አገሮችም አሉ፣ ዮርዳኖስ ውስጥም አለ፣ ቱርክ ውስጥ ራሱ ጠርሴስ አካባቢ አለ። የኤፌሶኑን ነው የእኛም ስንክሳር የሚያነሳው፣ ስለዚህ ሁለታችሁም ትካፈሉታላችሁ። እዛው መንገድ ዳር ሴቶች ቁጭ ብለው ቂጣ እየዳመጡ በምጣድ የሚጋግሩበት ቤት አለ፣ ጎዝሌሜ ይሉታል፣ አይብ ወይም ስፒናች ገብቶበት፣ እናንተ ሁለታችሁ እዛ ጋ ከተቀመጣችሁ ጋይዱ ማስነሳቱን እንጃ።

ሁለቱም ቦታ ብዙ ጊዜ ፕሮግራም ውስጥ የለም። ስለዚህ ልጆት ከመክፈሏ በፊት በኢሜይል ትጠይቅ፣ በስልክ አይሆንም፣ በጽሁፍ ይመልሱላት። ቢበዛ ስንት ሰው ነው የምትይዙት፣ የማርያምን ቤተ ክርስቲያንና ዋሻውን ትጨምራላችሁ ወይ፣ የመግቢያ ትኬት ውስጡ አለ ወይ፣ ምንጣፍ ቤት ወይም ቆዳ ቤት ትወስዱናላችሁ ወይ። የመጨረሻዋን እንዳትረሳ! በርካሽ ጉብኝት ውስጥ የሱቅ መቆሚያ የተለመደ ነው፣ ሻይ ይቀርባል፣ ምንጣፍ ይዘረጋል፣ ጋይዱ ከሽያጩ ኮሚሽን አለው፣ ሁለት ሰዓት ሄደ። ሌላው፣ ቱርክ ውስጥ ማስጎብኘት የሚችለው ፈቃድ ያለው ጋይድ ብቻ ነው፣ ፈቃዱን አንገቱ ላይ ያንጠለጥላል፣ እሱን ይዩ። ጎበዝ መሆኑን ለማወቅ ደግሞ እኔ አንድ ተንኮል አለችኝ፣ ኤፌሶን የእብነበረዱ መንገድ ላይ የእግር ምስል የተቀረጸበት ድንጋይ አለ፣ የሴተኛ አዳሪ ቤት ማስታወቂያ ነው እያሉ ያስቃሉ። ለዚህ የተጨበጠ ማስረጃ የለም። ‹‹እንዲህ ይባላል እንጂ አልተረጋገጠም›› ካላችሁ እሱን ሰው አትልቀቁት።

ጉልበቶን በተመለከተ ከላይኛው በር ገብታችሁ ወደ ታች ነው መውረድ ያለባችሁ፣ አብዛኛው ግሩፕ እንደዛ ነው የሚያደርገው ግን ጠይቁ። እብነበረዱ በብዙ እግር ብዛት ተወልውሎ ያንሸራትታል፣ ሶሉ የሚቆነጥጥ ጫማና አንድ ምርኩዝ ይያዙ፣ ሽንት ቤት ያለው በሮቹ ጋ ነው ስለዚህ ሳይገቡ ይጨርሱ። ጣራ የተሰራላቸው የሀብታሞቹ ቤቶች ሞዛይካቸው ልዩ ነው ግን ደረጃው ብዙ ነው፣ ትኬቱም ለብቻው ነው፣ እርሶ ቤተ መጻሕፍቱ ፊት ቁጭ ይበሉና ጎረቤቶ ትግባ። ስትቀመጡም ዝም ብላችሁ እንዳትቀመጡ፣ የሴልሰስ ቤተ መጻሕፍት ፊት ለፊቱ ከ1970 እስከ 78 ኦስትሪያዎች ወድቆ የነበረውን ድንጋይ ለቅመው ያቆሙት ነው፣ የመሀሎቹን አምዶች ከዳር ካሉት ጋር ያስተያዩ፣ የመሀሎቹ ወፈር ይላሉ፣ ህንፃው ከስፋቱ በላይ ሰፊ እንዲመስል ሆን ተብሎ ነው። ሴልሰስ ራሱ ከስሩ ተቀብሯል።

ወሩ? ሐምሌና ነሐሴ በጭራሽ! እናንተ የጅማ ሰዎች ናችሁ፣ ከ1,700 ሜትር በላይ በደመናና በዝናብ የኖራችሁ፣ ኤፌሶን ከባህር ወለል ብዙም ከፍ አይልም፣ በበጋቸው ከ35 ዲግሪ ያልፋል፣ ጥላ የሚባል ነገር የለም። ከፋሲካ በኋላ ሂዱ። በበዓለ ሃምሳ ረቡዕና አርብም ጾም ስለሌለ የምግቡ ጥያቄ ራሱ ቀረ ማለት ነው (ቢሆንም በወይራ ዘይት የተሰራ አትክልት፣ ሽምብራና የምስር ሾርባ ሞልቷል፣ ሾርባው ቅቤ እንዳለው ብቻ ይጠይቁ)። ረመዳንም በነዚህ ዓመታት በጥር መጨረሻና በየካቲት ነው የሚገባው፣ ያልፋል። አረፋ ግን ግንቦት ላይ ስለሚውል ጎረቤቶ ለበዓሉ ቤቷ እንድትሆን ሚያዝያን ያዙ።

ቪዛ ያስፈልጋል፣ መስፈርቱን ከጉብኝት ድርጅቱ አፍ ሳይሆን ከኤምባሲው ስሙ፣ ቪዛው ሳይመታ የማይመለስ ገንዘብ እንዳትከፍሉ። ከአዲስ አበባ ኢስታንቡል ቀጥታ በረራ አለ፣ ከዛ ኢዝሚር አንድ ሰዓት ቢሆን ነው። ሰዓታችን ከቱርክ ጋር አንድ ነው ግን አቆጣጠሩን ተጠንቀቁ፣ ወረቀቱ ላይ 8:30 ከተባለ ከጠዋቱ 2:30 ማለት ነው። ከቻላችሁ በሩ እንደተከፈተ ግቡ፣ ኩሻዳሲ ወደብ ትልልቅ የሽርሽር መርከብ በቆመ ቀን ረፋዱ ላይ መንገዱ በሰው ይሞላል።

ጥያቄ፦ ሰላም ነው? ጅማ ነኝ፣ ጅሬን አባ ጅፋር ቤተ መንግስት እንግዳ ሲመጣ ይዤ እወጣለሁ። ፈረንጆቹ ስሞል ግሩፕ ስሞል ግሩፕ ይላሉ፣ ስንት ሰው ማለታቸው ነው? እኔስ ከነዛ የድንጋይ ከተሞች ጋይዶች ምን ልማር?

መልስ፦ ወንድሜ፣ የተወሰነ ህግ የለውም፣ ብዙዎቹ ከ8 እስከ 16 ያለውን ነው እንደዛ የሚሉት፣ እኔን ከጠየቅከኝ ግን ቁጥሩ ድምፅህ ነው፣ ሳትጮህ የመጨረሻው ሰው ካልሰማህ ግሩፑ ትልቅ ነው።

አንድ ነገር ግን ስረቃቸው። ኤፌሶን ትልቁ ቲያትር፣ ወደ 25,000 ሰው ይይዝ የነበረው፣ እዛ ላይ ጥሩ ጋይድ ምንም ሳያወራ ከታች የተዘረጋውን ሰፊ መንገድ ያሳይና ‹‹ይሄ መንገድ ወዴት ነበር የሚሄደው?›› ይላል። ሰው ያያል ያያል፣ መጨረሻው ሳርና ረግረግ ነው። ወደቡ ነበር! ወንዙ ደለል እያመጣ ሞላው፣ ባህሩ ኪሎሜትሮች ሸሸ፣ ንግዱ ሲሄድ ከተማውም ቀስ በቀስ ሄደ። ይሄንን መጀመሪያ ቢያወራው ማንም አያስታውሰውም፣ ራሳቸው ፈልገው ሲያጡት ግን አይረሱትም።

አንተ ደግሞ ጅሬን ላይ ሰዎቹን በረንዳው ላይ አቁማቸውና ወደ ታች ከተማውን እያሳየህ ንጉሱ ለምን እዚህ ኮረብታ ላይ ተቀመጡ በላቸው። ይገምቱ፣ አንዱ ለጦርነት ይላል አንዱ ለነፋስ። ከዛ የሄርማታን ገበያ አንሳ፣ የደቡብ ምዕራብ ሲራራ ነጋዴ የሚወርድበት እንደነበር፣ ቡናው፣ ዝባዱ፣ የባሪያ ንግዱም ጭምር፣ እሱን ዘለህ እንዳታልፍ፣ ሰው ሲደበቅ ያውቃል። ቤተ መንግስቱ እንጨት ስለሆነ ደግሞ ወለሉና ደረጃው ላይ ባንድ ጊዜ ብዙ ሰው አታቁም፣ ለሁለት ከፍለህ አስገባ። ዋጋህንም በሰው ሳይሆን በግሩፕ ቁረጠው፣ በሰው ከሆነ ቁጥር ለመጨመር ትጓጓለህ፣ ስሞል ግሩፑ እዛ ጋ አበቃ።