«ጨዋታውን ተቀላቀልኩ» ወይስ «ጨዋታው ውስጥ ገባሁ»?

ጥያቄ፦ በፍኖተ ሰላም የአማርኛ መምህር ነኝ። ተማሪዎቼ ዕረፍታቸውን እንዴት እንዳሳለፉ እንዲጽፉ ባዘዝኋቸው ጊዜ አንዱ ልጅ «ባሕር ዳር ያለው የአክስቴ ልጅ ማይንክራፍት ከፍቶ ሲጠብቀኝ ጨዋታውን ተቀላቀልኩ» ብሎ ጻፈ። እኔም «ተቀላቀልኩ»ን በቀይ ሰርዤ «ጨዋታው ውስጥ ገባሁ» በል አልሁት። ልጁ ግን «ገባሁ ካልሁ ጨዋታውን በስልኬ ከፈትሁ ማለት ይሆናል እንጂ ከእሱ ጋር መጫወቴን አያሳይም፤ ዜናውም ቡድኑን ተቀላቀለ ይላል» ብሎ ተከራከረኝ። ትክክሉ የትኛው ነው? «ተቀላቀልኩ» ነው ወይስ «ተቀላቀልሁ» የሚባለው?

መልስ፦ እርማትዎ ትክክል ነው፤ ሆኖም ምክንያቱ ስላልተነገረው ልጁ መከራከሩ አያስወቅሰውም። «ተቀላቀለ» የሚለው ግሥ እንደ «ጨዋታውን» ባለ ስም መጨረሻ የሚገኘውን የተሳቢ ምልክት «ን»ን አስከትሎ በዜናው፣ በማስታወቂያውና በትርጉም ሥራው መንሰራፋቱ ለረጅም ዘመን ሲያሳስበኝ የኖረ ነገር ስለሆነ፣ መልሱን ከተለመደው ረዘም አድርጌ እጽፋለሁ።

ግሥ የሚመረጠው ከድርጊቱ ነውና በመጀመሪያ ልጆቹ የሚያደርጉትን በትክክል እንወቅ። ማይንክራፍት ተጫዋቹ ባለ አራት ማዕዘን ቁራጮችን እየቆፈረና እየደረደረ የፈለገውን የሚገነባበት ጨዋታ ነው፤ በስልክ መጫወት የተጀመረውም በ2011 እ.ኤ.አ. ነው። አንዱ ልጅ በስልኩ አንድ «ዓለም» ይፈጥርና ይከፍታል። ጓደኞቹ በአንድ ዋይፋይ ላይ ካሉ፣ ወይም አንዱ ሆትስፖት ከፍቶላቸው ከተገናኙ፣ የተከፈተው ዓለም በየስልካቸው ዝርዝር ላይ ይታያቸዋል፤ ስሙን ሲነኩት እዚያው ይገኛሉ። እንደ ተማሪዎና እንደ አክስቱ ልጅ አንዱ ፍኖተ ሰላም ሌላው ባሕር ዳር ከሆነ ግን ሁለቱም በማይክሮሶፍት አካውንት ገብተው አንዱ ሌላውን በጓደኝነት መመዝገብና ኢንተርኔት ማግኘት አለባቸው። በአንዱ ስልክ ያለው የጨዋታው እትም በሌላው ስልክ ካለው ወደ ኋላ የቀረ እንደ ሆነ አያስገባም። ባለቤቱ ዓለሙን ዘግቶ የወጣ እንደ ሆነ የገቡት ሁሉ አብረውት ይወጣሉ።

ይህን ስጽፍ የመጡልኝን ግሦች ይመልከቱ፤ ከፈተ፣ ገባ፣ አስገባ፣ ዘጋ፣ ወጣ ናቸው። ጨዋታው በር ያለው ቤት፣ ልጁም ባለቤት፣ ጓደኞቹም እንግዶች ሆነው ነው በቋንቋችን የተሣሉት፤ ልጆቹም ራሳቸው የሚናገሩት ይህንኑ ነው። ተማሪዎን በተቃራኒው ይፈትኑት። ከጨዋታው ሲለቅ «ወጣሁ» ነው የሚለው። «ተቀላቀለ» ትክክለኛው ግሥ ቢሆን ኖሮ ተቃራኒው «ተለየሁ» መሆን ነበረበት፤ «ከጨዋታው ተለየሁ» የሚል ልጅ ግን በጎጃም አንድም አይገኝም። ሁለተኛው ፈተና ከዚህ ይበልጥ የጠራ ነው። ባለቤቱን የሚለምነው ልጅ «አስገባኝ» ይለዋል እንጂ «ቀላቅለኝ» አይለውም። አስደራጊው «አስገባ» ከሆነ አድራጊው «ገባ» መሆኑ ክርክር የለበትም፤ የልጁ ምላስ ያወቀውን ብዕሩ ነው የሳተው።

«ገባ» ከግእዙ «ገብአ» የመጣ ነው፤ «ገብአ» መግባትም መመለስም ነው። ከዚሁ ሥር «ተጋብአ» ይወጣል፤ ትርጉሙም ተሰበሰበ፣ በአንድ ቦታ ተገናኘ ማለት ነው። «ጉባኤ» የሚለው ስም የተገኘውም ከዚህ ነው። ስለዚህ «ገባ» የአንድን ሰው በር ማለፍ ብቻ የሚናገር ደረቅ ግሥ ነው የሚሉ ሰዎች ሥሩን አልመረመሩም፤ የመሰብሰብ ትርጉም ከጥንት ጀምሮ በውስጡ አለ። ዋሸራና ጎንጅ ቅኔ ባቀኑበት በእኛ አገር ተማሪው ቅኔ ቤት ይገባል፣ ጉባኤ ይገባል። ገበሬው ማኅበር ይገባል፣ ነጋዴው ዕቁብ ይገባል፣ አዲስ ጎረቤት ዕድር ይገባል፣ ዓለም በቃኝ ያለውም ገዳም ይገባል። ከእነዚህ አንዱም «ማኅበሩን ተቀላቀለ» ወይም «ዕድሩን ተቀላቀለ» ተብሎ አያውቅም። «ገባ» በተደራራጊው፣ ማለትም ወገኖች እርስ በርስ የሚያደርጉትን በሚናገረው የግሥ መልክ፣ «ተጋባ» ሲሆን ጋብቻን፣ «ተግባባ» ሲሆን መስማማትን ይሰጠናል፤ የምንማረው «አገባብ» እንኳ ከዚሁ የወጣ ነው። ሰው ከሰው ጋር በአንድ ስፍራ መገኘቱን ለመግለጥ ከዚህ የበለጠ ቤተሰብ ያለው ግሥ አማርኛ የለውም።

«ቀላቀለ» ግን የሚናገረው ሌላ ነገር ነው። ጤፍ ከገብስ ጋር ይቀላቀላል፤ ከተቀላቀለ በኋላ መልቀሙ አድካሚ ነው። የሁለት ሰው ከብት ግጦሽ ላይ ሲቀላቀል እረኞቹ መለየት አለባቸው። የቤተ ክርስቲያን ሊቃውንትም መቀላቀልን ግእዙ «ቱሳሔ» በሚለው ስም ይጠሩትና ተዋሕዶን ሲያስተምሩ «ያለ ቱሳሔ» ብለው አጥብቀው ይለዩታል፤ በቱሳሔ ሁለቱ ነገሮች የየራሳቸውን ጠባይ ያጣሉና። በጨዋታው ዓለም የገባው ልጅ ግን ስሙ ከራሱ በላይ ተጽፎ፣ የራሱን መልክ ይዞ፣ የራሱን መሣሪያ ተሸክሞ ነው የሚሄደው። ከማንም ጋር አልተቀላቀለም፤ አብሮ ተገኘ እንጂ።

ከሠርግ በኋላ የሙሽራውና የሙሽራዪቱ ቤተሰብ በአንድ የሚያደርጉት ድግስ «ቅልቅል» እንደሚባል አውቃለሁ፤ ይህን ማስረጃ አድርገው የሚያቀርቡልኝም አሉ። እዚያ የሚገናኙት ሰዎች እንጂ እህል አይደሉም፤ ስለዚህ ግሡ ለሰው አይነገርም ማለት አልችልም። ያም ሆኖ ድግሱ «ቅልቅል» የተባለው ሁለት ዘመድ አንድ ዘመድ ስለሆነ ይመስለኛል፤ ለአንድ ሰዓት ጨዋታ የሚበቃ ቃል ሆኖ አይሰማኝም።

ወደ «ን» እንምጣ፤ ዋናው ጭንቀቴ እዚህ ነው። «ተቀላቀለ» ከአምስቱ አዕማድ በተደራራጊው የሚመደብ ነው። አድራጊው «ቀላቀለ» የሚፈልገው አንድ ተሳቢ ብቻ ነው፤ «ጤፉን ከገብሱ ጋር ቀላቀለች» እንላለን። ግሡ ወደ ተደራራጊ ሲዞር ያ ተሳቢ ራሱ ባለቤት ይሆናል፤ «ጤፉ ከገብሱ ጋር ተቀላቀለ» ይባላል። ከዚያ በኋላ «ን»ን የሚሸከም ስም አልተረፈም፤ ሁለተኛው ወገን የሚገባው «ከ… ጋር» በሚለው መስተዋድድ ነው። «ጨዋታውን ተቀላቀልኩ» የሚለው አነጋገር «ጆይን» የሚለው የእንግሊዝኛ ግሥ ያለ መስተዋድድ ተሳቢ ስለሚወስድ ከእሱ የተቀዳ ነው፤ ቃሉ የእኛ ሆኖ አሠራሩ የሰው ነው።

ይህን አስተያየት የሚቃወሙ የቋንቋ ሰዎች በ«ተ» የሚጀምሩ ግሦች «ን»ን እንደሚወስዱ ይጠቅሳሉ፤ «መንገዱን ተከተለ»፣ «እንግዳውን ተቀበለ»፣ «ትርፉን ተካፈሉ» ይላሉ። የመጀመሪያዎቹ ሁለቱ ምንም አያስረዱም፤ «ተከተለ»ና «ተቀበለ» ያለ «ተ» የማይነገሩ ስለሆኑ «ተ»ው ከግሡ አካል ተቈጥሯል። «ተካፈለ»ም አያስቸግርም፤ «አካፈለ» የሚካፈለውን ሰውና የሚካፈለውን ነገር ሁለት አድርጎ ስለሚስብ፣ ሰውየው ባለቤት ሲሆን ነገሩ ተሳቢ ሆኖ ይቀራል። የሚከብደው ማስረጃ ሌላ ነው። «ወጋ» አንድ ተሳቢ ብቻ ያለው ግሥ ሆኖ ሳለ ተደራራጊው «ተዋጋ» ያለ አንዳች እንቅፋት «ጠላቱን ተዋጋ» ይባላል፤ «ሰደበ» ወደ «ተሳደበ» ሲዞርም «ጎረቤቱን ተሳደበ» ይባላል፤ ሁለቱም ከእንግሊዝኛ የተቀዱ አይደሉም። ይህን ማስተባበል አልቻልሁም። ስለዚህ ተደራራጊ ግሥ በምንም መንገድ «ን»ን አይወስድም የሚለው ሕግ በጥቅሉ አይጸናም ብዬ እቀበላለሁ።

የምቀበለው ግን እስከዚያ ድረስ ብቻ ነው። በ«ተዋጋ»ም ሆነ በ«ተሳደበ» የሚሳበው ስም ሁለተኛው ባለ ድርጊት ነው፤ ጠላትም ይዋጋል፣ ጎረቤትም ይሳደባል። ጨዋታ ግን ከልጁ ጋር አይቀላቀልም፤ የሚቀላቀሉት ተጫዋቾቹ ናቸው። በዚህ ሚዛን «ጓደኞቼን ተቀላቀልሁ» የሚለው «ጨዋታውን ተቀላቀልሁ» ከሚለው እጅግ ይሻላል፤ «ከጓደኞቼ ጋር ተቀላቀልሁ» ደግሞ ከሁለቱም ይሻላል። «ክለቡን ተቀላቀለ»፣ «ፓርቲውን ተቀላቀለ» የሚለው ግን በየዕለቱ ስለሚነገር ከዜናው አማርኛ እንደማይወጣ አውቃለሁ፤ አንባቢም ሰሚም ያለ ችግር ይረዳዋል። ስሕተት ነው ብሎ ነጥብ መቀነስ ዛሬ አይቻልም። እኔ ግን አልጽፈውም።

ተማሪዎ ያነሣው አሻሚነት እውነተኛ ነው። «ማይንክራፍት ገባሁ» ሲባል ጨዋታውን ከፍቶ ብቻውን እየቆፈረ እንደ ሆነም ሊሰማ ይችላል። መድኃኒቱ ግን ግሡን መጣል አይደለም፤ የሚገባበትን ቦታ መናገር ነው። «የአክስቴ ልጅ ዓለም ውስጥ ገባሁ» ወይም በአገራችን ልማድ «እሱ ጋ ገባሁ» ቢል ብቻውን አለመሆኑ ይታወቃል። «ገብቸ አብሬው ተጫወትሁ» ቢል ደግሞ ምንም የሚጠረጠር አይቀርም። የገባው ሰው ሥልጣን በጨዋታው ውስጥ የተለያየ መሆኑንም ቃላቱ ይለዩለታል። ባለቤቱ ማየት እንጂ መገንባትም ማፍረስም የማይችል ሊያደርገው ይችላል፤ ይህን «እንግዳ» ልንለው ይገባል። እንዲገነባ ከፈቀደለት «አባል» ነው። «አባል» በግእዝ ሥጋን፣ የሰውነትንም ክፍል የሚያመለክት ቃል ነው፤ ስለዚህ እንግዳ ይገባል፣ አባል ግን ይሆናል። «ዓለም» የሚለው ትርጉምም ተስማምቶኛል፤ ልጃቸውን የዳሩ ወላጆች «ዓለሜን አየሁ» ሲሉ እንደምንሰማው፣ ቃሉ ምድርን ብቻ ሳይሆን ደስታንም ይዟል።

ከልጆቹ መካከል «ጆይን አደረግሁ» የሚሉም አሉ፤ ቍልፉ ላይ የተጻፈውን እንግሊዝኛ እንዳለ ወስደው ነው። ይህን ከ«ጨዋታውን ተቀላቀልኩ» ባነሰ ቅሬታ ነው የምሰማው። «አደረገ» ባዕድ ቃልን አዝሎ መሄድ ከጥንትም ልማዱ ነው፤ ባዕዱ ቃልም ባዕድነቱን ሳይደብቅ ስለሚመጣ ነገ የተሻለ ሲገኝ በቀላሉ ይተካል። የተቀዳ አገባብ ግን በራሳችን ቃል ተሸፍኖ ስለሚገባ ማንም ሳያየው ይሰነብታል። ባልደረቦቼ በዚህ አይስማሙም፤ ባዕዱን ቃል ከባዕዱ አገባብ ይልቅ ይፈሩታል። በጽሑፍ ፈተና ላይ «ጆይን አደረግሁ»ን እኔም አልቀበለውም፤ በቃል ንግግር ግን ልጁን አላቋርጠውም።

ስለ «ኩ»ና «ሁ» የጠየቁት አጭር መልስ አለው። ሁለቱም ትክክል ናቸው። ለታሪኩ ከተባለ የግእዙ ምስክርነት ለ«ኩ» ያደላል፤ ግእዙ «ነገርኩ»፣ «ገባእኩ» ነው የሚለው። «ሁ» ከ«ክ» ድምፅ መላላት የመጣ ነው። ይህን እያወቅሁ «ተቀላቀልሁ»ን፣ «ተጫወትሁ»ን እመርጣለሁ፤ የጎጃም አነጋገር ነው፣ ለጆሮም ይለሰልሳል። ከዚህም ሌላ «ገባሁ»፣ «በላሁ»፣ «መጣሁ» ስንል ሁላችንም በ«ሁ» ስለምንጨርስ አንዱን ቅጥያ ለሁሉም መጠቀም የጽሑፉን ወጥነት ይጠብቃል። ተማሪውን ግን «ኩ» ስላለ ሊቀጡት አይገባም። አጥብቀው ሊያርሙት የሚገባው በስልክ መልእክት የተለመደውን «ጨዋታ ገባው» የሚል አጻጻፍ ነው። በንግግር «ሁ» እየላላ እንደ «ው» ስለሚሰማ ብዙዎች «ገባሁ» ለማለት «ገባው» ብለው ይጽፋሉ፤ «ገባው» ግን ተረዳ ማለት ነው፤ «ጨዋታው ገባው» ያለ ልጅ ሌላ ሰው ጨዋታውን እንደ ተረዳው መናገሩ ነው።

ስለዚህ ለወረቀቱ ሙሉ ነጥብ ይስጡት፤ በቀዩ ፈንታ በኅዳጉ ላይ «ባሕር ዳር ያለው የአክስቴ ልጅ ማይንክራፍት ከፍቶ ሲጠብቀኝ እሱ ጋ ገባሁ» የሚለውን ይጻፉለት። «ተቀላቀለ»ን ካልለቀቀ ግን «ከእሱ ጋር ተቀላቀልሁ» ይበል።