መልስ፦ ቤትሆቨን ጆሮው ሳይሰማ እንዴት ሙዚቃ ጻፈ?

ወንድሜ፣ «ጆሮው የማይሰማ ሰው ሲምፎኒ (በብዙ መሳሪያ የሚቀርብ ረጅም ሙዚቃ) ጻፈ የሚሉት ተረት ነው እንዴ» ላልከው፣ ተረት አይደለም ግን ሰው ሲያወራው ያጋንነዋል። ጀርመናዊው የሙዚቃ ደራሲ ቤትሆቨን መስማት ያቃተው ከተወለደ ጀምሮ እኮ አይደለም። ጀርመን ቦን ተወልዶ ኦስትሪያ ቪየና ገብቶ በፒያኖ ስሙ ከገነነ በኋላ፣ ወደ 30 ዓመቱ ሲጠጋ ነው ጆሮው ውስጥ ይጮህበት የጀመረው፣ ከዛ ቀስ በቀስ ደከመ። በ1802 (በፈረንጆቹ ነው) ለወንድሞቹ በጻፈው ደብዳቤ ራሴን ላጠፋ ትንሽ ነበር የቀረኝ፣ ያቆመኝ ሙያዬ ነው ይላል፣ ደብዳቤውን ግን አልላከውም፣ ከሞተ በኋላ ነው የተገኘው።

እንዴት ጻፈ ላልከው ደሞ፣ አንተ ይሄን ስታነብ ድምፅ ሳታወጣ በውስጥህ ትሰማው የለ? እሱም ኖታ (ወረቀት ላይ የተጻፈ ሙዚቃ) ሲያይ እንደዛ ነው፣ የመሳሪያዎቹ ድምፅ ከልጅነቱ ጀምሮ ጭንቅላቱ ውስጥ አለ። የከበደው ፒያኖ መጫወቱና ከሰው ማውራቱ ነው። ከ1818 ጀምሮ እንግዶቹ ደብተር ላይ ይጽፉለታል፣ እሱ አብዛኛውን በአፉ ይመልሳል (ስለዚህ ደብተሮቹን ማንበብ የሰው ስልክ በአንድ በኩል እንደመስማት ነው ሃሃ)።

9ኛው ሲምፎኒ ሜይ 7፣ 1824 ቪየና ሲቀርብ መድረኩ ላይ ቆሞ እጁን ያወራጫል፣ ሙዚቀኞቹ ግን ኡምላውፍ የሚባለውን መሪ እንዲያዩ ተነግሯቸዋል። ህዝቡ ሲያጨበጭብ እሱ ጀርባውን ሰጥቶ ስለነበር ካሮሊን ኡንገር የምትባል ዘፋኝ ናት ይዛ ያዞረችው። ይቺን ሳስብ አሁንም አንጀቴን ትበላኛለች።