ቃል ሳይተነፍስ የሚጀነጅን ባልደረባ

«የሒሳብ ሠራተኛ ነኝ። አንድ ባልደረባዬ ስምንት ወር ሙሉ ቃል ሳይተነፍስ ይጀነጅነኛል። ጠዋት ስገባ ጠረጴዛዬ ላይ ማኪያቶ አለ። ምሳ ሰዓት ወንበር ይስብልኛል። ማታ ታክሲ ተሰልፌ ዞር ስል ከኋላዬ ቆሟል፤ ሰፈሩ እኮ በሌላ አቅጣጫ ነው! ቢሮው "ቻርሊ ቻፕሊን መጣ" እያለ ይስቃል። እኔ ሰለቸኝ። አንዳንዴ እንዳይቀየም ብዬ ማኪያቶውን እጠጣለሁ። ምንም ያላለኝን ሰው ምን ብዬ እምቢ ልበለው?»

ጠይቆሽ ቢሆን አንዴ እምቢ ብለሽ በተገላገልሽ ነበር። ዝምታው መደበቂያው ነው፤ ብትቆጪው «ምን አልኳት?» ይላል፣ አንቺ ደግሞ ጉረኛ ትባያለሽ። ድምፅ አልባ ፊልም ላይ ሴቲቱ ስትሸሽ የምንስቀው እኮ ታሪኩን በአሳዳጁ በኩል ስለምናየው ነው። ቢሮሽም እንደዚያው እያየ ነው።

አሁን ወደ ማኪያቶው። ይሉኝታሽ ይገባኛል፣ ግን አራት ቀን በርዶ ተደፍቶ በአምስተኛው ቀን ከተጠጣ፣ እሱ የሚቆጥረው አምስተኛዋን ቀን ነው። አልፎ አልፎ የሚገኝ ነገር ሰውን ይበልጥ ያስጠብቃል፤ ቁማርተኛን ከቦታው የማያስነሳው ይኸው ነው። ፈገግታሽንም እንዳሻው ሊተረጉመው ይችላል። እ.ኤ.አ. በ1982 አንቶኒያ አቤ የተባለች አሜሪካዊት ተመራማሪ፣ አንድ ወንድና አንዲት ሴት አምስት ደቂቃ ሲያወሩ ሌሎች ተደብቀው እንዲያዩ አድርጋ ነበር። ወንዶቹ የሴቲቱን ተግባቢነት ከሴቶቹ ይልቅ እንደ ማሽኮርመም ቆጠሩት።

ስለዚህ ነገ ማኪያቶውን ሳትቀምሺው መልሺለት። ለብቻው፣ ግን በሩ ክፍት ሆኖ፦ «ማኪያቶ አታምጣልኝ፣ ታክሲ ድረስም አትከተለኝ። ከሥራ ውጪ ምንም ግንኙነት አልፈልግም።» በቃ። ይቅርታ አትጠይቂ። «እጮኛ አለኝ» የሚል ሰበብም አትፍጠሪ፤ እጮኛሽ እስኪጠፋ ይጠብቅሻል።

ከዚያም ከቀጠለ ቀንና ሰዓቱን እየመዘገብሽ ለኃላፊሽ በጽሑፍ አመልክቺ። የአሠሪና ሠራተኛ አዋጅ ቁጥር 1156/2011 ወሲባዊ ትንኮሳን ሲተረጉም ንግግርን ብቻ ሳይሆን ምልክትንና ሌላ ማንኛውንም መንገድ ይጨምራል። ማኪያቶ ብቻውን እዚያ ይደርሳል አልልም፤ ግን «ምንም አላለኝም» ብለሽ አፍሽን አትዝጊ።

እኔን ይበልጥ ያሳሰበኝ የታክሲው ነገር ነው። ለቤተሰብሽ ዛሬውኑ ንገሪ። ከሚስቁትም መሀል የምትቀርብሽን «እኔን አያስቀኝም» በያትና ማታ ሰልፉ ላይ አብራሽ ትቁም።