የእቃ ማጠቢያው ጩኸት የማን ኃላፊነት ነው?

ጥያቄ፦ አዲስ አበባ ውስጥ በጂ+4 ኮንዶሚኒየም 2ኛ ፎቅ ላይ የራሴ ቤት ውስጥ እኖራለሁ። ከ14 ወር ወዲህ የወጥ ቤቴ የእቃ ማጠቢያ ፍሳሽ ሌሊት ሳይቀር ቡልቅ ቡልቅ እያለ ያጉረመርማል፣ ሽታም ያመጣል። የጀመረው ከእኔ በላይ ያለው ጎረቤቴ ወጥ ቤቱን ካሳደሰ በኋላ ነው። ለሕንፃው ማህበር ባመለክት «በቤትሽ ውስጥ ያለ ነገር አይመለከተንም» አሉኝ። ጎረቤቴን መክሰስ እችላለሁ?

መልስ፦ እህቴ፣ መክሰስ ይችላሉ። እኔ ግን ክሱን ዛሬ እንዲያስገቡ አልመክርዎትም፤ ምክንያቱም ተከሳሹ ማን እንደሆነ ገና አላወቁም። በዚህ ዓይነት ጉዳይ ኃላፊነት የሚከተለው ቧንቧውን ነው። ያልተገባ ሰው ከከሰሱ «ተከሳሽ ልሆን አይገባም» የሚል መቃወሚያ ቀርቦ ገንዘብዎም ጊዜዎም ይባክናል፤ ነገ በደረጃው ላይ የሚገናኙት ጎረቤትም ይቀየምዎታል።

ስለዚህ መጀመሪያ ድምፁን ያዳምጡ። ከእቃ ማጠቢያዎ ሥር ያለው የታጠፈ ቧንቧ፣ ሲፎን የምንለው፣ በመታጠፊያው ላይ ዘወትር ጥቂት ውኃ ይይዛል። የፍሳሽ ሽታ ወደ ቤት እንዳይገባ የሚከለክለው ይህ ውኃ ነው። የሚያጉረመርመው አየር በዚያ ውኃ ውስጥ ሰንጥቆ ሲያልፍ ነው። ጥያቄው አየሩን የሚስበው ወይም የሚገፋው ማን ነው የሚል ይሆናል።

ድምፁ የሚሰማው እርስዎ ራስዎ ውኃ ሲለቁ ብቻ ከሆነና ውኃውም ቀስ እያለ የሚወርድ ከሆነ፣ ችግሩ ከእርስዎው ቧንቧ ነው ማለት ይቻላል። በእኛ ወጥ ቤት የረጋ ቅቤና የእንጀራ ሊጥ እጣቢ ቧንቧ ያጠባሉ። ከሥሩ ባልዲ አስቀምጠው ሲፎኑን ያስፈቱና ያስጠርጉ፤ የሚተጣጠፍ ቱቦ ከተገጠመም ረግቦ ውኃ እንዳያቁር ያስተካክሉት። ወጪው የእርስዎ ነው፣ የሚከሰስም ሰው የለም። ካስቲክ ሶዳ ባይጨምሩበት እመርጣለሁ፤ ቆዳንና ዓይንን ያቃጥላል፣ በኋላ ቧንቧውን የሚፈታውን ሠራተኛም ይጎዳል።

ከደብዳቤዎ የምረዳው ግን ሌላ ነው። እርስዎ ተኝተው እያለ የሚያጉረመርም ከሆነ ውኃውን የለቀቀው ሌላ ሰው ነው። ከላይ ብዙ ውኃ በቁመቱ የጋራ ቧንቧ ሲወርድ ከፊቱ ያለውን አየር ይገፋል፣ ከኋላው ደግሞ ይስባል። ቧንቧው እስከ ጣሪያ ወጥቶ የሚተነፍስበት አፍ ካለው ምንም አይሰማም። ያ አፍ በወፍ ጎጆ ወይም በግንባታ ፍርስራሽ ከተደፈነ፣ ወይም ቧንቧው ራሱ በቅባት ከጠበበ፣ አየሩ በእርስዎ ሲፎን በኩል መንገድ ይፈልጋል። ሽታው የሚመጣውም ያንን የሚከላከለውን ውኃ መጥጦ ስለሚወስደው ነው።

እዚህ ላይ የማህበሩ መልስ አያስኬድም። በጋራ ሕንፃ ቤት ባለቤትነት አዋጅ ቁጥር 370/1995 መሠረት ከተናጠል ቤቶቹ ውጪ ያለው የሕንፃው ክፍል የጋራ መጠቀሚያ ነው፤ እሱን ማስተዳደርና መጠገን የማህበሩ ሥራ ነው፣ ወጪውንም እርስዎን ጨምሮ ባለቤቶቹ ይጋራሉ። ድምፁ በእርስዎ ወጥ ቤት መሰማቱ የጋራውን ቧንቧ የእርስዎ አያደርገውም። የቤትዎ ወሰን የት ላይ እንደሚያበቃ ሕንፃው ሲመዘገብ የቀረበውን መግለጫ ጠይቀው ይመልከቱ። ማህበሩ በሕግ የተመዘገበ መሆኑንም ያረጋግጡ፤ የሕግ ሰውነት የሌለውን ኮሚቴ መክሰስ ሌላ ችግር ይጋብዛል።

ጎረቤትዎ ተጠያቂ የሚሆነው እድሳቱ የጋራውን ቧንቧ መንካቱ ከተረጋገጠ ነው፤ ለምሳሌ የእቃ ማጠቢያውን ቦታ ቀይሮ አዲስ ቀዳዳ አስከፍቶ ከሆነ። የፍትሐ ብሔር ሕግ ቁጥር 1225 ባለቤት በንብረቱ ሲገለገል ከመልካም ጉርብትና ልክ ያለፈ ድምፅና መጥፎ ሽታ በጎረቤቱ ላይ እንዳያደርስ ይከለክላል። በቁጥር 1149 መሠረትም ሁከት፣ ማለትም በይዞታዎ ላይ የሚደርሰው ጣልቃ ገብነት፣ ይወገድልኝ ብለው መጠየቅ ይችላሉ። ሆኖም «ካሳደሰ በኋላ ጀመረ» ማለት «በማሳደሱ ጀመረ» ማለት አይደለም። ፍርድ ቤት የሚጠይቅዎ ሁለተኛውን ነው፤ የማስረዳት ሸክሙም የእርስዎ ነው።

ስለዚህ ለሁለት ሳምንት ድምፁ የተሰማበትን ቀንና ሰዓት ይመዝግቡ፣ በስልክዎም ይቅረጹት። ጎረቤትዎን በአክብሮት ያነጋግሩና እሳቸው እቃ ማጠቢያቸውን ሞልተው ሲለቁ እርስዎ ከታች ያዳምጡ። ይህ የአሥር ደቂቃ ሙከራ ከብዙ ክርክር ይበልጣል፣ እኔ ካየኋቸው ጎረቤቶችም እንዲህ ተባብረው ምክንያቱን ያገኙ አሉ። ከዚያ የቧንቧ ባለሙያ ጣሪያውንና ቧንቧውን አይቶ ያገኘውን በጽሑፍ ይስጥዎ፤ በቃል ብቻ ከተናገረ በኋላ ምስክር አድርጎ ማቅረብ ይከብዳል።

የባለሙያው ጽሑፍ የጋራውን ቧንቧ ካመለከተ፣ ኮፒውን አያይዘው ለማህበሩ በደብዳቤ ይጠይቁ፤ በቅጂዎ ላይ መቀበላቸውን በፊርማ ያስገቡ። እምቢ ካሉ ጉዳዩ በጠቅላላ ጉባኤ እንዲታይ ያስይዙ። ያም ካልሆነ ማህበሩ ጥገናውን እንዲፈጽም የሚጠይቅ ክስ ያቅርቡ፤ የእድሳቱ አስተዋፅኦ ከታየ ጎረቤትዎን በአንድነት መክሰስ ይቻላል።

አንድ ነገር ግን አጥብቄ ላስታውስዎ። የሁከት ክስ በ2 ዓመት ውስጥ ካልቀረበ በይርጋ ይታገዳል፤ ከውል ውጪ ለደረሰ ጉዳት ካሳ ለመጠየቅም በፍትሐ ብሔር ሕግ ቁጥር 2143 የተቀመጠው ጊዜ 2 ዓመት ነው። ከ14 ወር በኋላ ወደ 10 ወር ገደማ ቀርቶዎታል። ሽማግሌ ይቀመጥ ከተባለ በደስታ ይቀመጡ፣ ነገር ግን የመጨረሻውን ቀን በቀን መቁጠሪያዎ ላይ ምልክት አድርገው ነው።