በሽምብራ ሊጥ የሚጠበስ አትክልት፦ ጥያቄና መልስ ከኮዬ ፈጬ

ጾም ሲገባ ጥያቄው ይበዛል። ህንዶች ፓኮራ፣ የድሬ ልጆች ደግሞ ባጅያ የሚሉትን ቤት ውስጥ እንዴት እንሥራው? እንቁላልም ወተትም ስለማይገባበት ለጾም ይመቻል። ከጎረቤቶቼ የተሰበሰቡትን ጥያቄዎች እንዳመጣጣቸው እመልሳለሁ።

ቤት ያለውን ሽሮ ብጠቀም ምን ይለዋል?

እህቴ፣ ሽሮውን ለወጡ ተይው። ሽሮ የሚፈጨው ከታመሰ እህል ነው። አንዴ እሳት ያየ ዱቄት ውሃ ይጠጣል እንጂ እንደ ጥሬው አይያያዝም። ዘይት ውስጥ ሲገባ ይበተናል። ምጥን ሽሮ ከሆነ ደግሞ በርበሬው አትክልቱ ሳይበስል ያርራል።

የሚያስፈልግሽ ካልታመሰ የሽምብራ ክክ የተፈጨ ዱቄት ነው። ክኩን ገዝተሽ፣ ለቅመሽ፣ ወፍጮ ቤት ውሰጂና ልም አድርጎ ይፍጭልሽ። በርበሬ በተፈጨበት ወፍጮ እንዳያስገባብሽ ቆመሽ ጠብቂ። የአገራችን ትንሿ ቡናማ ሽምብራ ለዚህ ሥራ አንደኛ ናት፤ ህንዶችም ዱቄታቸውን የሚያወጡት ከዚሁ ዓይነት ነው። ከእኛ ወረድ ብሎ አቃቂና ቢሾፍቱ ዙሪያ፣ በመረሬው መሬት ላይ፣ ዝናቡ ሊወጣ ሲል የምትዘራዋ ማለቴ ነው።

የተፈጨ ዱቄት በርካሽ ስታገኚ ግን ጠርጥሪ። ጓያ ተቀላቅሎበት ሊሆን ይችላል። ጓያ ደግሞ ለረጅም ጊዜ በብዛት ከተበላ እግር ሽባ ያደርጋል። እህሉን በዓይን አይቶ ማስፈጨት ይሻላል።

ሽንኩርቱ ለብቻው፣ ሊጡ ለብቻው ሆነብኝ። ዘይቱ ላይ ተበታተነ።

ውሃ በዝቶብሽ ነው። አብዛኛው ሰው ሊጡን ቀድሞ በጥብጦ ሽንኩርቱን እላዩ ላይ ይጨምራል። ተገላቢጦሽ ነው።

ሁለት ትልልቅ ቀይ ሽንኩርት በስሱ፣ በቁመቱ ክተፊ። ጨው ነስንሰሽ በእጅሽ እሽት እሽት አድርጊና ሩብ ሰዓት ያህል ተይው። ስትመለሺ ሽንኩርቱ ልፍስፍስ ብሎ፣ ከሥሩም ውሃ አጠራቅሞ ታገኚዋለሽ። ያን ውሃ እንዳትደፊው! ሊጡ የሚያዘው በሱ ነው። ቅመሙን ጨምሪ፤ ከዚያ ዱቄቱን በማንኪያ እየነሰነስሽ አዋህጂ። አንድ ብርጭቆ ገደማ ይበቃል። አልያዝ ካለ ብቻ ውሃ በማንኪያ ጠብ አድርጊ። ሽንኩርቱ በሊጡ መሀል መታየት አለበት፤ የሚታይሽ ሊጥ ብቻ ከሆነ ዱቄት በዝቷል። አንድ ማንኪያ የሩዝ ዱቄት ብታክዪበት ይበልጥ ኮሽ ኮሽ ይላል። አንዴ ከተዋሐደ ወዲያው ጥበሺ፤ በቆየ ቁጥር ሽንኩርቱ ውሃ እያወጣ ያቀጥነዋል።

ጥሬውን ሊጥ ቀምሰሽ ደግሞ "መረረኝ" እንዳትዪ። ጥሬ ሽምብራ ይመራል፤ ሲጠበስ ይለቃል።

ድንች፣ ደበርጃን ወይም ቃሪያ የምትነክሪ ከሆነ ሊጡ ሌላ ነው። ሁለት ብርጭቆ ዱቄት በአንድ ብርጭቆ ከሩብ ያህል ውሃ በጥብጪ። ማንኪያ ነክረሽ ስታወጪ ጀርባውን ሸፍኖ መቅረት አለበት። ድንቹን ሦስት ሚሊ ሜትር አካባቢ አሳሺው። አትክልቱን በጨርቅ ሳታደርቂ አትንከሪ፣ ሊጡ ይንሸራተታል። አበባ ጎመን ሁለት ሦስት ደቂቃ ቀቀል ይደረግ።

በጃንሆይ ጊዜ ያስተማረን ህንዳዊ መምህር ቤቱ ያበላን ነበር። አንድ የሚሸት ነገር ነበረበት፣ ምን ይሆን?

ጋሼ፣ ነጭ አዝሙድ ሳይሆን አይቀርም። ህንዶች ለዚህ ጥብስ ከሚወዷቸው ቅመሞች አንዱ ነው፤ የእኛው ሴቶች ሽሮና ቅቤ ላይ የሚያደርጉት ራሱ። ግማሽ የሻይ ማንኪያ በመዳፍዎ አሸት አድርገው ይጨምሩ። ሌላው ቅመም እርድ፣ ከሙን፣ ተፈጭቶ የተነፋ ድንብላልና ትንሽ ሚጥሚጣ ነው። ዝንጅብልና ቃሪያ ደቅቀው ይገባሉ። በርበሬ አላበዛም፤ ዘይት ውስጥ ቶሎ ይጠቁራል።

ከቪዲዮ አይቼ ዘይቱን 180 ዲግሪ አደረስኩት። ውጭው ጠቆረ፣ ድንቹ ጥሬ ነው።

ወንድሜ፣ ቪዲዮውን የሠራው ሰው ባሕር ዳርቻ ሳይኖር አይቀርም። እኛ ከባሕር ወለል ከ2,000 ሜትር በላይ ነን። እዚህ ውሃ 92 ወይም 93 ዲግሪ አካባቢ ይፈላል። ድንቹ ውስጥ ያለው ውሃ ተኖ እስኪያልቅ ውስጡ ከዚያ በላይ አይሞቅም፤ ስለዚህ ቀስ ብሎ ይበስላል። ውጭው ግን የዘይቱን ሙቀት ነው የሚያገኘው። ወደ 165 እና 170 ዝቅ አድርገው።

መለኪያ ከሌለህ ሊጥ ጠብ አድርግበት። ከሥር ከተኛ ገና ነው። እየተንቦቀቦቀ ቀስ ብሎ ከወጣ ግባበት። ጠብ እንዳለ ከጠቆረ እሳቱን ቀንስ። ጥልቅ ድስት ተጠቀም፣ ከግማሽ በላይ ዘይት አትሙላ፣ አታጨናንቅ። ሁሉን አንዴ ስትከት ዘይቱ ይቀዘቅዛል፤ ያኔ መጥበስ ቀርቶ ዘይት መጠጣት ነው። እና እሳት ቢይዘው ውሃ እንዳትደፋ! ክዳኑን ግጠምና ምድጃውን አጥፋ።

ማታ መብራት ይሄዳል። ቀድሜ ጠብሼ ማቆየት እችላለሁ?

ትችያለሽ፤ እንዲያውም ይጣፍጣል። ቀን ላይ ውስጡ እስኪበስል፣ ሳይቀላ ጥበሺና አውጪው። ለማታ ከሰል ላይም ቢሆን ዘይቱን ሞቅ አድርገሽ አንድ ሁለት ደቂቃ ድገሚው። መብራቱ ኖሮ ኃይሉ ከደከመ ግን በጣም ጥቂት ጥቂት እያልሽ ጥበሺ።

በር ላይ እሸጣለሁ፤ ደንበኛ ቤቱ ሲደርስ ልፍስፍስ ይላል።

በፌስታል ስለምትቋጥሪው ነው። እንፋሎቱ መውጫ አጥቶ ተመልሶ ቅርፊቱን ያረጥበዋል። ወረቀት ከረጢት አድርጊለት፣ አፉን ክፍት ተዪው። ከዘይት ሲወጣም በወንፊት ላይ ዘርግተሽ አንጠፍጥፊው እንጂ ሳህን ላይ አትከምሪው።

ዘይት ተወዷል። ስንቴ ልጠቀምበት?

ይህን ያህል ብዬ ቁጥር አልሰጥሽም፤ ዘይቱን እዪው። ሲቀዘቅዝ በጨርቅ አጥልለሽ ጨለማ ቦታ ክደኚው። የወደቀው የሊጥ ፍርፋሪ ነው ዘይቱን ቶሎ የሚያበላሸው፤ በየመሀሉ ልቀሚው። አረፋ ከደፈቀ፣ ካጣበቀ፣ ቶሎ ከጨሰ ወይም ከከረፋ አበቃለት። የሱፍ ዘይት ለዚህ ደህና ነው። ያልተጣራ የኑግ ዘይት ግን ጠረኑ አትክልቱን ይውጠዋል፣ ለሌላ አቆዪው።

ሊጡ ላይ አምቦ ውሃ ይጨመራል ይላሉ፤ እውነት ነው?

እውነት ነው። ለመንከሪያው ሊጥ ቀዝቃዛ አምቦ ጥሩ ነው፤ አየሩ ሊጡን ቀለል ያደርገዋል። በጥብጠሽ ወዲያው ካልጠበስሽ ግን ጋዙ ይወጣና ተራ ውሃ ይሆናል። ለሽንኩርቱ አያስፈልግም።

በምን ይበላ? ልጆቼ የሚያቃጥል አይወዱም።

ለልጆቹ ሚጥሚጣውንና ቃሪያውን ተዪና ድንችና ካሮት ጥበሺላቸው፣ በቲማቲም ስልስ ይብሉ። ለአዋቂው ዳጣ ላይ ሎሚ ጨምቂበት።