ነፍሰ ገዳይ ተሰቅሎ ለምን አይቀበርም ነበር?

ጥያቄ፦ ጤና ይስጥልኝ፣ የምጽፈው ከጎንደር አዘዞ ነው። ህክምና የሚማረው ወንድሜ ድሮ እንግሊዝ አገር ነፍሰ ገዳይ ከተሰቀለ በኋላ ሬሳው ለሀኪሞች ይሰጥ ነበር አለን፣ እናቴ ደሞ ያለ ፍትሃት? ኧረ አላምንም አለች። እውነት ነው እንዴ?

መልስ፦ እውነት ነው እህቴ፣ ያውም በህግ። በፈረንጅ ከ1752 ጀምሮ በግድያ የተሰቀለ ሰው ወይ በዶክተሮች ይቀደዳል ወይ በሰንሰለት ተንጠልጥሎ ይቀራል እንጂ ዝም ብሎ አይቀበርም ነበር፣ እናትሽን የከበዳት ነገር እኮ እነሱንም ስለሚከብዳቸው ነው ቅጣት የሆነው።

ዊልያም ኮርደር የሚባለውን ብነግርሽ፣ በ1827 ሳፎክ ውስጥ ፖልስቴድ በምትባል መንደር ማሪያ ማርተንን ኢፕስዊች ሄደን እንጋባለን ብሎ አንድ ጎተራ ውስጥ ቀጥሯት ገደላት፣ ከዛ ለቤተሰቧ ደህና ነን እያለ ደብዳቤ ይጽፍ ነበር። በዓመቱ አባቷ ራሱ የጎተራውን መሬት ቆፍሮ አገኛት፣ አንገቷ ላይ የኮርደር አረንጓዴ መሀረብ ነበር። አባት በገዛ እጁ! ይሄን ሳስበው በጣም ያመኛል።

ኮርደር ኦገስት 11 ቀን 1828 በሪ ሴንት ኤድመንድስ ከተማ ተሰቀለ፣ ሬሳውን ከፍተው ለህዝብ አሳዩት፣ ቆዳውን አልፍተው የችሎቱን ታሪክ የያዘ መጽሐፍ ሸፈኑበት፣ መጽሐፉ እዛው ከተማ ሙዚየም ውስጥ አለ። ለኔ ይሄ ፍትህ አይደለም፣ ሰው ሁሉ ስለ ቆዳው ሲያወራ ማሪያ ተረሳች። የነፍሰ ገዳይን ሬሳ ለሀኪም መስጠቱ በ1832 ቀረ፣ የኮርደር አጽም ግን የተቃጠለው ገና በ2004 ነው።